አባቴ እየመጣ ነው

ከቦሌ አራብሳ እስከ መገናኛ ባለው መንገድ እኔን ያላቀፈ ሰው ካለ ወይ የራሱ መኪና ነበረው፣ ወይ በእግሩ ነው የሚሄደው።

ነገሩ እንዲህ ነው። ኮንዶሚኒየም ደርሶን አራብሳ ስንገባ የሰባት ዓመት ልጅ ነበርኩ። እናቴ የምትሠራው ሃያ ሁለት ሰፈር ነው፤ ትምህርት ቤቴም ከመሥሪያ ቤቷ ብዙም አይርቅም። ስለዚህ በየጠዋቱ ከከተማው ጫፍ ተነስተን ታክሲ እንጋፋለን። ተጋፊው ብዙ ነው፣ ታክሲው ጥቂት። ሚኒባሱ ገና ሳይቆም በሩ ላይ የሚንጠለጠሉ ጎረምሶች ባሉበት፣ አንዲት ሴት ቦርሳና ምሳ ዕቃ አንጠልጥላ፣ ልጅ እየጎተተች በሥርዓት ልሳፈር ብትል ፀሐይ አናቷ ላይ እስክትወጣ እዚያው ትቀራለች። እናቴ ግን ዘዴ ነበራት። ዘዴው የሷ ፈጠራ አይደለም፣ የሸገር ታክሲ ያልተጻፈ ሕግ ነው። ቀድሞ ቦታ ለያዘ ሰው "እባክህ ልጄን ተቀበለኝ" ብላ ታቀብለኝና እሷ በሰው መሀል እየተሹለከለከች የኋላ ወንበር ላይ ትወሸቃለች። የተቀበለኝ ሰው ማንነት አይጠየቅም። ጉልበቱ ላይ ያስቀምጠኛል፣ የደብተር ቦርሳዬን ያቅፍልኛል፣ እስከ መገናኛ ድረስ የሱ ልጅ ነኝ። የታቀፈ ልጅ ደግሞ አይከፍልም፤ ረዳቱ ራሱ "ልጅ እቀፉ፣ ልጅ እቀፉ!" እያለ ያበረታታል።

በጊዜ ብዛት የጉልበት ሊቅ ሆንኩ። ወፍራም ሴቶች ይሞቃሉ፣ ይመቻሉ፣ ችግሩ ያንቀላፉና ከነክብደታቸው ጀርባዬ ላይ ይወድቃሉ። ቦሌ ቢሮ የሚገቡት ሽቅርቅር ሴቶች ቀሚሳቸው እንዳይጨማደድ ጉልበታቸው ጫፍ ላይ ያስቀምጡኛል፤ ሹፌሩ ፍሬን በያዘ ቁጥር ወለሉ ላይ ነኝ። የዩኒቨርሲቲ ተማሪዎች አጥንታቸው ይወጋል። ወንዶች ኪሳቸው ውስጥ ሁልጊዜ ቁልፍ አለ። ሁሉም ግን፣ ወፍራሙም ቀጭኑም፣ የሚጠይቁኝ አንድ ነገር ነው። "ስንተኛ ክፍል ነሽ?" ይሉኛል። ቀጥሎ "ከክፍል ስንተኛ ወጣሽ?" ይመጣል። ሦስተኛ ስላቸው "አይዞሽ!" ይሉኛል። እኔ በሦስተኛነቴ ደስተኛ ነበርኩ፤ ማን አጽናኑኝ አላቸው?

እንግዲህ እናቴ ላይ የማይገባኝ ነገር ይኸው ነበር። በየጠዋቱ ለማታውቀው ሰው የምታቀብለኝ ሴት፣ ቤት ስንገባ "የማታውቂውን ሰው እንዳታናግሪ" እያለች ትመክረኛለች።

"የተቀመጥኩበትን ሰውስ?" አልኳት አንድ ቀን።

"እሱ ታክሲ ውስጥ ነው። ታክሲ ሌላ ነው።"

"ከታክሲ ሲወርድስ?"

"አንቺ ልጅ፣ ክርክር አትውደጂ።"

ድሮ እንዲህ አልነበረችም። ሃያ ሁለት ጀርባ ተከራይተን ስንኖር ግቢው በሙሉ ዘመድ ነበር። አንዷ ታበላኛለች፣ ሌላዋ ትቆጣኛለች፣ ሦስተኛዋ ፀጉሬን ትሠራኛለች፤ እናቴ እስከ ምሽት የት እንደዋልኩ አትጠይቅም። አራብሳ ስንገባ ግን ደረጃው ላይ የምናገኘው ሰው ሁሉ አዲስ ነው። ሁሉም ቁልፉን እያንቀጫቀጨ ይወጣል፣ ቁልፉን እያንቀጫቀጨ ይገባል፣ በሩን ከውስጥ ይቆልፋል። እናቴ የሰው ረሃብ ያዛት። የሰው ረሃብ የያዘው ሰው ደግሞ፣ ነገሩ ይገርማል፣ ሰው መፍራት ይጀምራል።

ፍርሃቷ መልክ ያገኘው አንድ ሰኞ ጠዋት ነው። ያቀፈኝ ሰውዬ ከሌሎቹ ሁሉ ብዙ ጠየቀኝ። ብሎካችሁ ስንት ነው? ስንተኛ ፎቅ? እናትሽ እስክትመጣ ከማን ጋር ትሆኛለሽ? እየጠየቀ ፀጉሬን ይደባብሳል። ምኑ እንደከበደኝ አላውቅም፤ ብቻ ምላሴ የብሎካችንን ቁጥር መናገር አልፈለገም። ወዲያው ከኋላ የእናቴ ድምፅ መጣ፤ "ልጄን መልሱልኝ!" ተሳፋሪው ከራሱ በላይ እየተቀባበለ ኋላ አደረሰኝ። እናቴ ቦርሳዋን፣ ምሳ ዕቃዋንና እኔን አንድ ላይ ታቅፋ እስከ መገናኛ ሄደች። ሰውየው ሲወርድ ዞር ብሎ ቻው አለኝ። ክፉ ይሁን ወሬ የሚወድ ብቻ፣ እስከ ዛሬ አላወቅኩም።

የዚያን ዕለት ምሽት ሕግ ወጣ። እናቴ አልጋው ጫፍ ላይ አስቀምጣኝ እንዲህ አለችኝ፦

"የማታውቂው ሰው ነገር ካበዛብሽ፣ ከረሜላ ልስጥሽ ካለሽ፣ ነይ ካለሽ፣ ጮክ ብለሽ 'አባቴ እየመጣ ነው!' በይ። አጠገብሽ ወንድ ከቆመ ደግሞ እሱን በጣትሽ አሳይና 'አባቴ ነው' በይ። አባት ያላትን ልጅ ሰው ይፈራል።"

ሕጉ በልምምድ የታጀበ ነበር። እናቴ ነጠላዋን እስከ ግንባሯ ተከናንባ ከኩሽና በር ጀርባ ትወጣና ድምፅዋን አቅጥና "ሚሚዬ፣ ከረሜላ ልስጥሽ?" ትለኛለች። እኔ በሳቅ እየፈረስኩ "አባቴ እየመጣ ነው!" እያልኩ እጮሃለሁ። "አትሳቂ፣ እንደገና!" ትላለች። እንደገና እጮሃለሁ። የኮንዶሚኒየም ግድግዳ ወሬ አይዝም። ከጎናችን ያሉት ሴትዮ አንድ ቀን ደረጃ ላይ አቁመውን "ለመሆኑ አባወራው የሚገቡት መቼ ነው? ቢያንስ ለእንኳን ደህና መጡ እንዘጋጅ" አሉ። እናቴ ፊቷ ቀላ፣ እኔ ግን ጥያቄውን በጣም ወደድኩት።

ምክንያቱም እኔም የምጠብቀው እሱኑ ነበር።

አባት አልነበረኝም። አሁን በአንድ ዐረፍተ ነገር እጽፈዋለሁ፤ ያኔ ግን እንዲህ አድርጎ የነገረኝ ሰው የለም። ስጠይቅ እናቴ "ሩቅ ነው ያለው" ትለኛለች፣ ጨዋታም ትቀይራለች። ቴሌቪዥኑ አጠገብ ፎቶው ነበር። ኮሌታው አንድ ጎን የተገለበጠ፣ ከልቡ የሚስቅ፣ ፍንጭት የሆነ ሰው። አሁን እስቲ አስቡት። ሩቅ ያለ አባት አለኝ። እናቴ ራሷ በየማታው "እየመጣ ነው በይ" ትለኛለች። እኔ ነገሩን በልጅ አእምሮዬ ሰፋሁት። ልምምድ መሆኑ ቀርቶ የምሥራች ሆነልኝ። አባቴ እየመጣ ነው፤ መንገድ ላይ ነው። መንገድ ላይ ያለ ሰው ደግሞ ታክሲ ይሳፈራል።

ከዚያ ወዲህ ጥርስ መመርመር ጀመርኩ። ወንድ ሲያቅፈኝ ዞር ብዬ ፊቱን አያለሁ። የታክሲ ሰው በጠዋት አይስቅም፤ አፉን ገጥሞ መንገዱን ይረግማል። ስለዚህ ማሳቅ ነበረብኝ። "ከክፍል ስንተኛ ወጣሽ?" ሲሉኝ ሦስተኛ እላቸውና ወዲያው "እርስዎስ ከክፍል ስንተኛ ወጡ?" ብዬ እጠይቃለሁ። ይስቃሉ። ጥርስ አያለሁ። የወርቅ ጥርስ አየሁ፣ ቡናማ ጥርስ አየሁ፣ አንድም የሌላቸው ሽማግሌ አየሁ። ፍንጭት ግን የለም። እናቴ ከኋላ ወንበር ሆና ሳቁን ስትሰማ ቤት ስንገባ "አታናግሪ አላልኩሽም?" ትለኛለች። ምን እንደምፈልግ አልነገርኳትም። ሲመጣ በድንገት ላሳያት ነበር ሐሳቤ።

የገና በዓል ሊደርስ ጥቂት ቀን ሲቀረው ነው እንግዲህ ከባለ ዶሮው ሰውዬ ጋር የተገናኘነው። በሩ አጠገብ ተቀምጧል፤ ካፖርቱ ላይ ጋቢ ደርቧል። እግሩ ሥር ፌስታል አለ፤ ከፌስታሉ ውስጥ ቀይ አውራ ዶሮ አንገቱን አውጥቶ ተሳፋሪውን አንድ በአንድ ይገላምጣል። ረዳቱ "ጋሼ፣ ዶሮውም ይከፍላል" እያለ ይቀልዳል። እናቴ ለሰውየው አቀበለችኝና ወደ ኋላ ተሹለከለከች። እኔ ጉልበቱ ላይ ተደላደልኩ። ቁልፍ የለም። ጭድ ጭድ ይሸታል። ከኮንዶሚኒየሙ ጀርባ ካሉት የገበሬ መንደሮች ነው የመጣው፤ አማርኛው ረጋ ያለ ነው፣ ቃሉን እየመረጠ ነው የሚያወራው።

ሂሳብ ሲጠየቅ እጅ አጠረው። በአንድ እጁ እኔን ይዟል፣ በአንድ እጁ መፈራገጥ የጀመረውን ዶሮ።

"አንቺ ጎበዝ ነሽ?" አለኝ።

"ሦስተኛ ነኝ።"

"በቃ፣ ሦስተኛ ከሆንሽ ዶሮ መያዝ አያቅትሽም። ያዢልኝ፣ አደራ።"

ዶሮውን ከነፌስታሉ ታቀፍኩት። ልቡ እጄ ሥር ድው ድው ይላል። በሕይወቴ አደራ የሚል ሰው ሲያጋጥመኝ የመጀመሪያዬ ነበር፤ ክንፉን ጥርቅም አድርጌ ያዝኩ። ከዚያ የተለመደ ሥራዬን ቀጠልኩ።

"እርስዎስ ከክፍል ስንተኛ ወጡ?"

"እኔ?" አለ። "እኔ ክፍል ሳልገባ ነው የወጣሁት!" ብሎ በራሱ ቀልድ ሳቀ።

ፍንጭት ነበር።

ቀና ብዬ አፍጥጬ አየሁት። ፎቶው ላይ ካለው ሰው ይጠቁራል፣ ያረጀም ነው። ግን ሩቅ አገር የከረመ ሰው ሊጠቁር፣ ሊያረጅም ይችላል። ከዚያ በኋላ ምንም አልጠየቅኩትም። ስደሰት ዝም የምል ልጅ ነበርኩ።

ጉርድ ሾላ ስንደርስ "ወራጅ አለ!" አለ። እኔን ብድግ አድርጎ ወንበሩ ላይ አስቀመጠኝና ቀድሞ ወረደ። ከታች ሆኖ ዶሮውን ሊቀበለኝ እጁን ሲዘረጋ እኔም ላቀብለው ብድግ አልኩ። ረዳቱ ግን ትራፊክ ፖሊስ አይቶ ኖሮ ቸኩሏል። "ልጅህን ያዝ እንጂ ጋሼ!" አለና በብብቴ አንስቶ፣ እኔን ከነዶሮው አስፋልቱ ዳር አስቀመጠኝ። በሩን ጓ አድርጎ ዘጋ፤ "ሳበው!" አለ። ታክሲው እናቴን ይዞ ሄደ።

በኋላ እንደነገረችኝ በሁለት ደንዳና ሰዎች መሀል ተጣብቃ ዓይኗ ከደን ብሎ ነበር። ስትነቃ የራሴ ጫፍ ከሚታይበት ቦታ ሌላ ሰው ተቀምጧል። ጮኸች። ረዳቱ ጉርድ ሾላ እንዳወረደኝ ነገራት፤ ሹፌሩ ግን "እዚህ ማቆም አይቻልም፣ ትራፊክ አለ" አለ። ያቆመላት መገናኛ ሊደርስ ትንሽ ሲቀረው ነው።

እኔና ሰውየው እግረኛ መንገዱ ላይ ቆመን ተያየን።

"እናትሽስ?" አለኝ።

ዞሬ አየሁ። ታክሲ የለም። ያን ጊዜ ነው የደነገጥኩት። አፌን ከፍቼ ለቅሶዬን ለቀቅኩት። የእናቴን ስልክ ቁጥር እንደ መዝሙር አውቀው ነበር፤ ሰውየው አሮጌ ስልኩን አውጥቶ "ንገሪኝ" ሲለኝ ግን ከዜሮ ዘጠኝ ወዲያ አንድም ቁጥር አልመጣልኝም። "ሂንቦኢን፣ ኢንታላ ኮ፣ ሂንቦኢን" ይለኛል። በኦሮምኛ አታልቅሺ ልጄ ማለቱ እንደሆነ ያወቅኩት በኋላ ነው። ድምፁ ግን ደግ ነበር፤ እሱም የሚያለቅስ ይመስላል።

"ከዚህ ንቅንቅ አንልም" አለኝ። "ላም ጥጃዋ ብትጠፋባት መጨረሻ ካየቻት ቦታ ነው መጥታ የምትፈልጋት። እዚሁ እንቆማለን።"

እሺ ብዬ ቆምኩ፤ ለቅሶውን ግን አልተውኩም። አዲስ አበባ ውስጥ ልጅ ሲያለቅስ ሰው ለመሰብሰብ ጊዜ አይፈጅበትም። መጀመሪያ ጃንጥላ የያዘች ወፍራም ሴት ቆመች። ቀጥሎ ቱታ የለበሰ ደረተ ሰፊ ወጣት። ከቤተ ክርስቲያን የሚመለሱ፣ ነጭ የለበሱ ከዘራ የያዙ ሽማግሌም ደረሱ። ከጀርባቸው ደግሞ ለምን እንደቆመ የማያውቅ ብዙ ሰው።

"ልጅቷ ምን ሆና ነው የምታለቅሰው?" አለ ወጣቱ። "ምንህ ናት?"

ሰውየው እውነተኛ ሰው ነው፣ እውነቱን ተናገረ። "አላውቃትም" አለ።

የምታለቅስ ልጅ አጠገቡ አቁሞ "አላውቃትም" የሚል ወንድ ምን እንደሚገጥመው ለአዲስ አበባ ሰው አልነግርም። ወጣቱ ወዲያው ጋቢውን ጨምድዶ ያዘ። "አታውቃትም? ታዲያ የት ልትወስዳት ነው?" አንዱ "ፖሊስ ጥሩ!" አለ፤ ሌላው "ምን ፖሊስ አስፈለገ፣ እዚሁ ማስተማር ነው" እያለ እጅጌውን ሰበሰበ። ሰውየው ሊያስረዳ ይሞክራል፣ የሚሰማው የለም። "ወደ ጣቢያ እንሂድ" ሲሉት ደግሞ "አልሄድም፣ እናቷ እዚህ ነው የምትመጣው" ይላል፣ ይኼ የባሰ አስጠረጠረው። ፊቱ አመድ መሰለ። የሰው እጅ እየበዛበት ነው። አንድ ጥፊ ከተጀመረ ሁለተኛውን የሚያቆም እንደሌለ እኔም በልጅነቴ ገብቶኛል፤ በጣም ፈራሁለት።

ባለ ጃንጥላዋ ሴት ወደኔ ጎንበስ አለች። ከቦርሳዋ ከረሜላ አወጣች። ድምፅዋን አቅጥና፣ ልክ እናቴ ከኩሽና በር ጀርባ እንደምታደርገው፣ "ሚሚዬ፣ እንኪ ከረሜላ። ይሄን ሰውዬ ታውቂዋለሽ?" አለችኝ።

የማላውቃት ሴት። ከረሜላ። ጥያቄ። አጠገቤ የቆመ ወንድ። ስንት ጊዜ የተለማመድኩት ነገር! ጣቴን ቀሰርኩና ባለ በሌለ ኃይሌ ጮህኩ፦

"አባቴ ነው!"

ሕጉን ብቻ እየተከተልኩ ነበር ብል ግማሹን ነው የምናገረው። ጥርሱንም አይቻለሁ።

ወጣቱ ጋቢውን ለቀቀ። ሰውየው አፉን ከፍቶ ያየኛል፤ ዶሮው ሳይቀር አንገቱን ወደኔ አዙሯል። ተረፈ ብዬ ተደሰትኩ። ግን የተረፈው ከድብደባው እንጂ ከሰዉ አይደለም።

"ወይኔ!" አለች ባለ ጃንጥላዋ። "የገዛ ልጁን ነው እንዴ 'አላውቃትም' የሚለው?"

"የወለደ ሰው ይክዳል?" አለ ወጣቱ። አሁን ከበፊቱ ይልቅ ተናዷል። "ያውም በበዓል ሰሞን! ዶሮ ገዝተህ ልጅህን ትክዳለህ?"

"ዶሮው የእህቴ ነው" አለ ሰውየው ግራ ገብቶት። ይኼም አልጠቀመውም።

ሽማግሌው ከዘራቸውን አነሱና ሕዝቡን ጸጥ አሰኙ። "ቆይ፣ ቆይ፣ አትጩሁበት። ሰው እንዲህ የሚሆነው ከሚስቱ ሲጣላ ነው። ወንድሜ፣ ከእናቷ ጋር ተጣልታችሁ ነው?"

"እናቷን አላውቃትም" አለ ሚስኪን።

"አያችሁ" አሉ ሽማግሌው ወደ ሕዝቡ ዞረው፣ "በጣም ተጣልተዋል።"

በዚህ መሀል እናቴ ደረሰች። አንድ ጫማ እግሯ ላይ፣ አንድ ጫማ እጇ ላይ፤ ነጠላዋ አንገቷ ላይ ተጠምጥሟል። ሰዉን እንደ መጋረጃ ገልጣ ገባች። አንድ ነገር ሳትጠይቅ ጫማውን አንስታ የሰውየውን ትከሻ አቀመሰችው፣ ከዚያ እኔን አፈፍ አድርጋ አነሳችኝ።

"ይኸውላችሁ፣ ሚስቱ መጣች!" አለ ወጣቱ በእርካታ።

"የምን ሚስት?" አለች እናቴ።

"እህቴ፣ ተረጋጊ" አለች ባለ ጃንጥላዋ። "የማታውቂውን ወንድ በጫማ አትመቺውም። ገብቶናል።"

እናቴ ልታስረዳ ሞከረች። ትንፋሽዋ ግን አልሰበሰብ ብሏታል፤ ሦስት ቃል ተናግራ ታቆማለች። "ታክሲ ውስጥ... እሱ አቅፎ... እኔ ኋላ..." ከዚህ ላይ ሰዉ የራሱን ታሪክ ሠራ፤ አንድ ታክሲ ውስጥ ለየብቻ ተቀምጠው የሚሄዱ ኩርፈኞች ናቸው። ሽማግሌው ጉሮሯቸውን ጠረጉ። ባልና ሚስት ከአንድ ባሕር ይቀዳል አሉ። ዝሆኖች ሲጣሉ የሚጎዳው ሣሩ ነው አሉና በከዘራቸው ወደኔ አመለከቱ። የትምህርት ቤት ሹራቤ አረንጓዴ ነው፤ ሣሩ እኔ መሆኔ ወዲያው ገባኝ።

እናቴ ያን ጊዜ ነው ሰውየውን በደንብ ያየችው። የተጨማደደውን ጋቢ፣ አመድ የመሰለ ፊቱን፣ ዙሪያውን የቆሙትን ጡንቻዎች አየች። እኔ ደግሞ የተሰጠኝን ዶሮ እንደታቀፍኩ ነኝ። ነገሩ ሁሉ ባንዴ ገባት መሰለኝ ጫማዋን ቀስ ብላ አወረደች። "ባሌ አይደለም" ብትል ምን እንደሚከተል እሷም የከተማ ልጅ ናት፣ ታውቃለች።

ቀድሞ የተናገረው ግን እሱ ነው። "ታርቀናል" አለ።

"ታርቀናል" አለች እናቴም።

"እንዲህማ አይሆንም" አሉ ሽማግሌው። "ይቅር ለእግዜር ተባባሉ። ተሳሳሙ።"

ተሳሳሙ። ከዚያ ቀን በፊት ተያይተው የማያውቁ ሁለት ሰዎች፣ ጉርድ ሾላ እግረኛ መንገድ ላይ፣ በሕዝብ ፊት ትከሻ ለትከሻ ተሳሳሙ፤ ይቅር ለእግዜር ተባባሉ። ሰዉ አጨበጨበ። ሽማግሌው "ወንድም ጨምሩላት" ብለው መረቁ። እናቴ አሜን አለች፣ ምን ታድርግ? ባለ ጃንጥላዋ ዓይኗን ጠረገችና ከረሜላውን ሰጠችኝ። ሕዝቡ አንድ ትዳር ማዳኑን አውቆ፣ ደስ እያለው ወደ ሥራው ተበተነ።

ቀረን፤ እናቴ፣ እኔ፣ ሰውየውና ዶሮው።

መጀመሪያ የሳቀችው እናቴ ናት። ሳቋ ወደ ለቅሶ ሄደ፣ ተመልሶ ሳቅ ሆነ። "ይቅር በለኝ ወንድሜ፣ መታሁህ" አለችው። እሱ ትከሻውን እያሻሸ "ጥጃ የጠፋባት ላም ትዋጋለች" አለ። ከዚያ እኔን አየኝና ድምፁን ዝቅ አድርጎ "አባቷስ የት ነው?" አላት።

"ሞቷል" አለች። "ጡት ሳትጥል።"

እንዲህ ብላ ነው የነገረችው። ለእኔ በሰባት ዓመት ያልነገረችኝን ለማታውቀው ሰው በሦስት ቃል ነገረችው። እዚያው ክንዷ ላይ ሆኜ ሰማሁ። አላለቀስኩም፣ ለቅሶዬን ቀደም ብዬ ጨርሼዋለሁ። ብቻ እጄ ሥር የዶሮው ልብ ይመታ ነበር፣ እሱን ሰማሁ። ሰውየው "ነፍስ ይማር" አለ። እጁን ሲዘረጋ ዶሮውን አቀበልኩት።

"አደራሽን ጠብቀሻል" አለኝ። "አንደኛ ነሽ።"

ከዚያ በኋላ ብዙ ጊዜ አግኝተነዋል። አራብሳ ታክሲ ተራ ላይ ሲያየን ከሩቁ "እንዴት ነው፣ እንደታረቅን ነን አይደል?" ይላል። እናቴ አፏን በነጠላዋ ይዛ ትስቃለች። አንድ ቀን የኛ ብሎክ በቆመበት ቦታ ጤፍ ይዘራ እንደነበር ነገረን፤ ወቀሳ አልነበረበትም፣ እንዲሁ ቦታውን ሲያሳየን ነው። ስንፈራው የነበረው እንግዳ ባለአገሩ ነበር፤ እንግዶቹ እኛ ነን። ዛሬ እኔ በስልኬ የጠራሁት፣ አይቼው የማላውቀው ሰው መኪና ውስጥ ዘው ብዬ ገብቼ ቦሌ እወርዳለሁ፣ የብሎካችንን ቁጥርም ራሴ እነግረዋለሁ። ግን ሚኒባስ ስሳፈር አንዲት እናት "ልጄን ተቀበይኝ" ስትለኝ እጄ ከአፌ ይቀድማል። ያቀፍኩት ልጅ ዞር ብሎ ጥርሴን ካየኝ ደግሞ፣ አደራ አለብኝና በደንብ እስቅለታለሁ።

የዚያን ዕለት ጠዋት ከጉርድ ሾላ ሌላ ታክሲ ያዝን። አንዲት ሴት "ልጅቷን ልያዝልሽ" አለች። እናቴ "ግድ የለም፣ እኔው እይዛታለሁ" አለቻት። ቦርሳው፣ ምሳ ዕቃውና እኔ ተደራርበን ጉልበቷ ላይ ተቀመጥን። ከሁሉም ጉልበት የማይመቸው የእናቴ መሆኑን ያን ጊዜ ተረዳሁ፤ መውረድ ግን አልፈለግኩም።

"እማ" አልኳት።

"ወዬ።"

"አይመጣም ማለት ነው?"

"ማን?" አላለችም። ምሳ ዕቃውን ወደ ጎን ገፋ አድርጋ ወደ ራሷ አስጠጋችኝ። "አይመጣም፣ የኔ እናት" አለች። "ቀድሜ ልነግርሽ ይገባኝ ነበር።"

"ባለ ዶሮውም አይደለም?"

"አይደለም።"

ከረሜላውን ከአንዱ ጉንጬ ወደ ሌላው አዞርኩ። አሁን የሚያስጨንቀኝ ሕጉ ነው። "ታዲያ የማላውቀው ሰው ሲጠይቀኝ ማን እየመጣ ነው ልበል?"

"እናቴ እየመጣች ነው በይ።"

"እናትንም ይፈራሉ?"

እናቴ ጎንበስ ብላ እግሯን አየች። ካልሲዋ ተቀዷል፣ ተረከዟ ጭቃ ነው፣ ጫማዋን እንኳ እስካሁን አላጠለቀችም።

"ዛሬ አላየሽም?" አለችኝ።

አይቻለሁ። ከዚያ ወዲህ የማላውቀው ሰው ነገር ሲያበዛብኝ የምለው ያንኑ ነው፤ አንድም ቀን ውሸት ሆኖብኝ አያውቅም።